ውሃ ተገፍቶ ይገባል፣ ወድቆ ይወጣል

አንድ ሰሞን ቤታችን መሽተት ጀመረ። ሽታው የሚመጣው ብዙም ከማንጠቀምበት መታጠቢያ ክፍል ነው። ወለሉን በበረኪና አጠብን። መስኮት ከፈትን። ሽቶ ረጨን። ወይ ፍንክች! የጠራነው የቧንቧ ሠራተኛ አየት አየት አደረገና "መስመሩ ተበላሽቷል፣ ወለሉ መቆፈር አለበት" አለን። ቁፋሮው ሳይጀመር አንድ በሙያው ያረጁ ዘመዳችን መጡ። መሣሪያ አልያዙም። አንድ ጆግ ውሃ አስቀዱና ወለሉ ላይ ባለው የፍሳሽ ቀዳዳ ቀስ አድርገው አፈሰሱት። "ነገ ጠዋት ንገሩኝ" ብለው ሄዱ። በማግስቱ ሽታው የለም።

ያ ጆግ ውሃ ምን እንደሠራ በኋላ እመለስበታለሁ። እሱን ለመረዳት ግን መጀመሪያ ከግድግዳው ጀርባ ያለውን ነገር ማወቅ ያስፈልጋል። እኔም የቤት ቧንቧ እንዴት እንደሚሠራ መጠየቅ የጀመርኩት ያኔ ነው።

ሁለት የማይተዋወቁ መስመሮች

ከግድግዳው ጀርባ ያለውን ሁሉ "ቧንቧ" ብለን በአንድ ስም እንጠራዋለን። እውነታው ግን በአንድ ቤት ውስጥ ሁለት የተለያዩ ሥርዓቶች አሉ። አንዱ ንጹህ ውሃ ያስገባል። ሌላው የቆሸሸውን ያስወጣል። የሚሠሩበት መንገድ አይገናኝም።

የሚገባው ውሃ ተገፍቶ ነው የሚመጣው። ከኋላው ግፊት ስላለ ሽቅብ ይወጣል፣ ይጠመዘዛል፣ በግማሽ ኢንች ቧንቧ ውስጥ ተሽሎክልኮ ሦስተኛ ፎቅ ይደርሳል። የሚወጣው ውሃ ግን የሚገፋው የለም። ዝም ብሎ ይወድቃል። ስለዚህ ከተነሣበት ከፍታ በላይ አንዲት ሴንቲ ሜትር እንኳ መውጣት አይችልም። ቧንቧውም ሰፊ መሆን አለበት። ከመጸዳጃ የሚወጣው መስመር አብዛኛውን ጊዜ ወደ 100 ሚሊ ሜትር ወይም ትንሽ ከዚያ በላይ ስፋት አለው።

ብልሽታቸውም የየራሳቸው ነው። የግፊቱ መስመር ሲበላሽ ያፈሳል፣ ይረጫል፣ ግድግዳ ያረጥባል። የመውደቂያው መስመር ሲበላሽ ይደፈናል፣ ይሸታል፣ ወደ ኋላ ይመለሳል። ቤታችሁ ውስጥ አንድ ነገር ሲበላሽ መጀመሪያ የምትጠይቁት "የትኛው ውሃ ነው?" የሚለውን ይሁን። ሩቢኔቱ ተዘግቶም የሚፈስ ከሆነ ከግፊቱ ወገን ነው። ውሃ ስትጠቀሙ ብቻ የሚፈስ ከሆነ ግን ከፍሳሹ ወገን መሆኑ አይቀርም።

ግፊት ከየት ይመጣል?

ከከፍታ ወይም ከፓምፕ። ሌላ ምንጭ የለውም። ከተሞች ውሃን ኮረብታና ማማ ላይ የሚያጠራቅሙት ለዚህ ነው። ሒሳቡ ቀላል ነው፤ 10 ሜትር ከፍታ ያለው ውሃ ወደ 1 ባር ገደማ ግፊት ይሰጣል። የታንከሩ ስፋት ለውጥ አያመጣም። ከአንድ ቀጭን ቱቦም ሆነ ከግዙፍ ጋን፣ ከፍታው እኩል እስከሆነ ድረስ ግፊቱ እኩል ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። ጣሪያው ላይ ትልቅ ታንከር ስላስቀመጠ ሻወሩ የሚበረታ ይመስለዋል። ታንከሩ ከሻወሩ ራስ 3 ሜትር ብቻ ከፍ ካለ ግፊቱ 0.3 ባር ነው። ሺህ ሊትር ይያዝ አሥር ሺህ፣ ያው ነው። ወይ ታንከሩን ከፍ ማድረግ፣ ወይ ፓምፕ ማስገባት ነው መፍትሔው።

ግፊት ሲበዛም ችግር ነው። ከ5 ባር በላይ ሲሆን ሩቢኔቶች ቶሎ ይደክማሉ፣ መገጣጠሚያዎች ይጨነቃሉ። እንዲህ ሲሆን መግቢያው ላይ ግፊት መቀነሻ ቫልቭ ይገጠማል።

አሁን ደግሞ በጣም የሚያደናግረው ነገር። ግፊትና የውሃ መጠን አንድ አይደሉም። ሩቢኔት ስትከፍቱ መጀመሪያ ጠንከር ብሎ ወጥቶ ወዲያው የሚልፈሰፈስ ከሆነ ግፊት አለ ማለት ነው። ግፊቱ ባለበት ውሃው የሚያልፍበት መንገድ ጠቧል። ውሃው ቆሞ ሳለ ግፊቱ በጠባቡም መንገድ አልፎ ይደርሳል፤ መፍሰስ ሲጀምር ግን ጥበቱ ያንቀዋል። የቧንቧ ውስጣዊ ዲያሜትር በግማሽ ሲቀንስ ክፍተቱ ወደ ሩብ ይወርዳል። አሮጌ የብረት ቧንቧ ደግሞ ከውስጥ እየዛገ፣ ዝገቱም እየተጠራቀመ፣ ቀዳዳው እርሳስ የሚያህል እስኪሆን ድረስ ሊጠብ ይችላል። ከውጭ ስታዩት ምንም አልሆነም።

ስለዚህ ውሃ ሲደክም ወደ ፓምፕ ሻጭ ከመሮጥ በፊት ትንሽ ምርመራ ይሻላል። የደከመው አንድ ሩቢኔት ብቻ ከሆነ ጫፉ ላይ ያለችውን ወንፊት ፈታችሁ እዩ፤ አሸዋና ኖራ ሞልቷት ይሆናል። የደከመው የሙቅ ውሃው ብቻ ከሆነ ችግሩ ማሞቂያው ወይም ከእሱ የሚወጣው መስመር ነው። ቤቱ በሙሉ ከደከመ ዋናው ቫልቭ በከፊል ተዘግቶ እንዳይሆን ተመልከቱ። አንድ ጊዜ ለጥገና ተዘግቶ በግማሽ ብቻ ተከፍቶ የቀረ ቫልቭ ስንቱን ሰው ወጪ አስወጥቷል!

ሩቢኔት በፍጥነት ስትዘጉ ወይም ልብስ ማጠቢያው ውሃ መሳብ ሲያቆም ከግድግዳ ውስጥ "ዷ!" የሚል ድምፅ ሰምታችሁ ታውቃላችሁ? ውሃ አይጨመቅም ማለት ይቻላል። ሲፈስ የነበረው ውሃ በቅጽበት ሲቆም ጉልበቱ መሄጃ ያጣና ቧንቧውን ይመታል። በሴኮንድ 1 ሜትር ሲፈስ የነበረ ውሃ በብረት ቧንቧ ውስጥ ድንገት ቢቆም ግፊቱ ከ10 ባር በላይ ሊዘል ይችላል። የሚሰማችሁ የቧንቧው መንቀጥቀጥ ነው። ቀስ ብሎ መዝጋት ይረዳል። ቧንቧውን ከግድግዳው ጋር በደንብ ማሰርም እንዲሁ። መንገድ ላይ የታመቀ አየር ያለበት ትንሽ ዕቃ ከተገጠመ ደግሞ ውሃ የማይጨመቀውን አየሩ ይጨመቅለታል።

ስለ ቧንቧው ዓይነት ብዙ አልልም። ሮማውያን እርሳስ ከሚባለው ብረት ይሠሩት ነበር። የቧንቧ ሠራተኛ በእንግሊዝኛ የሚጠራበት ፕለምበር የሚለው ቃል የመጣው እርሳስ በላቲን ፕሉምቡም ስለሚባል ነው። እርሳስ መርዝ መሆኑ ታውቆ ተትቷል። ዛሬ በዚንክ የተለበጠ ብረት፣ መዳብ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ፕላስቲክ ነው ያለው። አንድ ነገር ብቻ አስታውሱ። መዳብና በዚንክ የተለበጠ ብረት በቀጥታ አይገናኙ። ውሃ መሃላቸው ሲገባ እንደ ባትሪ ይሆኑና ብረቱ ቶሎ ይበላል።

ማሞቂያው

የውሃ ማሞቂያ ጋን ጥበቡ ቀላል ነው። ቀዝቃዛው ውሃ ከታች ይገባል፣ ሙቁ ከላይ ይወጣል። ሙቅ ውሃ ቀለል ስለሚል በራሱ ከላይ ይንሳፈፋል። ሻወር ላይ ሳላችሁ ሙቁ ቀስ በቀስ ሳይሆን ድንገት የሚያልቅባችሁም ለዚህ ነው። ቀዝቃዛው ከታች እየገፋ መጥቶ መውጫው ላይ ደርሷል።

ውሃ ሲሞቅ ያብጣል። 100 ሊትር ውሃ ከ10 ወደ 60 ዲግሪ ሲደርስ ወደ 2 ሊትር የሚጠጋ ጭማሪ ያሳያል። ያ ጭማሪ መሄጃ ካጣ ጋኑ ውስጥ ግፊት ይሆናል። ከማሞቂያው ሥር አልፎ አልፎ የምታንጠባጥብ ትንሽ ቫልቭ ያለችው ለዚህ ነው። "ታፈሳለች" ብሎ የሚደፍናት ሰው አለ። እባካችሁ አትድፈኗት! የምታንጠባጥበው ሥራዋን እየሠራች ነው። ሙቀት መቆጣጠሪያው ተበላሽቶ ውሃው ከመጠን በላይ ቢፈላ ጋኑን ከመፈንዳት የምታድነው እሷ ናት። ያለማቋረጥ የምትፈስ ከሆነ ግን ባለሙያ ጥሩ።

ሙቀቱ ስንት ይሁን? ሌጂዮኔላ የሚባለው የሳንባ ምች የሚያስከትል ባክቴሪያ ከ20 እስከ 45 ዲግሪ ባለ ውሃ ውስጥ ይራባል። ስለዚህ ጋኑ ውስጥ 60 ዲግሪ ይመከራል። 60 ዲግሪ ውሃ ግን በጥቂት ሴኮንዶች ቆዳ ይልጣል። ልጅ ባለበት ቤት መውጫው ላይ ከቀዝቃዛ ጋር የሚቀላቅል ቫልቭ መግጠም ነው የሚሻለው።

ወደ ታች፤ ጠማማው ቧንቧና ጆጓ

አሁን ወደምወደው ክፍል መጣን።

ከላቫንዲኖ ሥር ጎንበስ ብላችሁ ብታዩ ቧንቧው ወደ ታች ወርዶ፣ ተመልሶ ወደ ላይ ታጥፎ፣ ከዚያ ወደ ግድግዳው ሲገባ ታያላችሁ። ሲፎን የሚባለው እሱ ነው። ልጅ ሳለሁ ቀለበት ሲወድቅ እንዲያዝ የተሠራ ይመስለኝ ነበር። ቀለበትም ይይዛል፣ እውነት ነው። ዋናው ሥራው ግን ሌላ ነው። እጥፉ ውስጥ ሁልጊዜ ትንሽ ውሃ ይቀራል። ብዙውን ጊዜ ጥልቀቷ 5 ሴንቲ ሜትር ገደማ ናት። ይህች ውሃ በር ናት። ቆሻሻው ውሃ ገፍቷት ያልፋል፤ ከፍሳሽ መስመሩ የሚመጣው ጋዝ ግን ሊያልፋት አይችልም። ቤታችሁንና የከተማውን ፍሳሽ የሚለያቸው ይህ ብቻ ነው፤ ብረትም ሲሚንቶም ሳይሆን አንድ ብርጭቆ የማይሞላ ውሃ።

በ1775 አሌክሳንደር ካሚንግ የሚባል የስኮትላንድ ሰው ለንደን ላይ ይህን እጥፍ ያለው መጸዳጃ የፈጠራ መብት አስመዘገበ። ሙያው ሰዓት ሠሪነት ነበር። ከዚያ በኋላ መጸዳጃው ወደ መኖሪያ ቤት መግባት ቻለ ብል ማጋነን አይመስለኝም።

የጆጓም ምስጢር ይኸው። ያ መታጠቢያ ክፍል ለወራት አልተነካም። የወለሉ ሲፎን ውስጥ ያለው ውሃ ተንኖ አለቀ። በሩ ተከፈተ። ሽማግሌው በሩን መልሰው ዘጉት። አለቀ። በየሦስት በየአራት ሳምንቱ ትንሽ ውሃ ማፍሰስ ይበቃል። ረጅም መንገድ የምትሄዱ ከሆነ ከውሃው በላይ ትንሽ ዘይት ጠብ አድርጉበት፤ ትነቱን ያዘገየዋል።

ነገሩ የሽታ ብቻ እንዳይመስላችሁ። በ2003 ሳርስ የተባለው የመተንፈሻ አካል በሽታ በተነሣ ጊዜ ሆንግ ኮንግ ውስጥ አሞይ ጋርደንስ በተባለ የመኖሪያ ሕንፃዎች መንደር ከ300 በላይ ሰዎች ታመሙ። የጤና መርማሪዎች በዋነኛ መንስኤነት ከጠረጠሯቸው ነገሮች አንዱ የደረቁ የወለል ሲፎኖች ናቸው። የመታጠቢያ ክፍሉ ማራገቢያ ሲሠራ ከፍሳሹ መስመር አየር በደረቀው ሲፎን በኩል ወደ ቤት ይስብ ነበር።

ሲፎን በትነት ብቻ አይደለም የሚደርቀው። ሊመጠጥም ይችላል። ይህ የሚወስደን ብዙ ቤት ሠሪ ወደሚረሳው ነገር ነው፤ ወደ አየር።

የሞላ ጠርሙስ ድፉ። "ጉልክ ጉልክ" እያለ ነው የሚወጣው። ውሃው ለመውጣት አየር በምትኩ መግባት አለበት፤ በአንድ አፍ ሁለቱም ይጣላሉ። የፍሳሽ መስመርም እንዲሁ ነው። ከላይ ፎቅ መጸዳጃ ተለቆ ውሃው ተንደርድሮ ሲወርድ ከኋላው ባዶ ይተዋል። ያ ባዶ አየር ይፈልጋል። መንገድ ካልተዘጋጀለት በቅርብ ካለው ላቫንዲኖ ይስባል፤ የሲፎኑን ውሃ ጠጥቶ። መጸዳጃ ስትለቁ ላቫንዲኖው ቢያጉረመርም እየነገራችሁ ያለው ይህንን ነው።

መድኃኒቱ ከፍሳሹ መስመር ተነሥቶ ጣሪያ በስቶ የሚወጣ፣ አፉ ክፍት የሆነ ቧንቧ ነው። አየር ያስገባል፣ ጋዙንም ከሰው አፍንጫ በላይ ያስወጣል። አንዳንድ ጊዜ ወፍ ጎጆ ይሠራበታል፣ ቅጠል ይሞላበታል። ከዚያ ታች ያለው ሁሉ ማጉረምረም ይጀምራል። ባለሙያው ላቫንዲኖውን እየፈታ ይገጥማል፣ ችግሩ ግን ጣሪያ ላይ ነው።

ተዳፋቱም ቁም ነገር ነው። አግድም የሚሄድ የፍሳሽ ቧንቧ በአንድ ሜትር 2 ሴንቲ ሜትር ያህል ዝቅ እያለ እንዲሄድ ይደረጋል። ተዳፋቱ ካነሰ ቆሻሻው ተኝቶ ይቀራል። ከመጠን በላይ ከበዛም ጥሩ አይደለም ይላሉ ባለሙያዎቹ፤ ውሃው ጠጣሩን ጥሎት ይሮጣል። ሁልጊዜ አንድ ቦታ ላይ የሚደፈን መስመር ካላችሁ ጥፋቱ የምትጥሉት ነገር ላይሆን ይችላል። መሃል ላይ ቧንቧው ረግቦ ሆድ ሠርቶ ይሆናል።

መጸዳጃው

የመጸዳጃ ጋን ክዳን ከፍታችሁ የማታውቁ ከሆነ ዛሬ ክፈቱ። ውሃው ንጹህ ነው፣ አትፍሩ። ከታች የጎማ ክዳን አለ። እጀታውን ስትጫኑ ክዳኑ ይነሣና ውሃው በአንዴ ይወርዳል። ጋኑ ሲጎድል ተንሳፋፊው አብሮ ይወርድና የመሙያውን ቫልቭ ይከፍታል። ሲሞላ ተንሳፋፊው ተነሥቶ ይዘጋዋል። ኤሌክትሪክ የለ፣ ኮምፒውተር የለ። ራሱን የሚቆጣጠር ማሽን ነው።

የጋኑ ሥራ ግን ውሃ ማጠራቀም ብቻ አይደለም። ፍጥነት መስጠት ነው። በባልዲ ሞክሩት። ውሃውን ቀስ ብላችሁ ብታፈሱ ምንም አይወርድም፤ ያው የፈሰሰው ያህል በጀርባ ያልፋል። በአንዴ ብትደፉት ግን ሁሉንም ይዞ ይሄዳል። በብዙ መጸዳጃዎች ከጀርባ ያለው እጥፍ በውሃ ሲሞላ ራሱ መምጠጥ ይጀምራል፤ መጨረሻ ላይ የምትሰሙት ጉርጉርታ አየር ገብቶ መምጠጡ ሲቋረጥ ነው። በሌሎቹ ደግሞ ውሃው በጉልበቱ ብቻ ይገፋል። ይህም ማለት ውሃ በተቋረጠበት ቀን እጀታው ባይሠራም አንድ ባልዲ ውሃ ይበቃችኋል። ድሮ አንድ ማውረድ 13 ሊትር ያህል ይወስድ ነበር። የዛሬዎቹ 6 ሊትርና ከዚያም በታች ነው የሚወስዱት፤ ልዩነቱን ያመጣው የቅርጹ መሻሻል ነው።

መጸዳጃው ሌሊት በራሱ "ሽሽሽ" ብሎ የሚሞላ ከሆነ የጎማው ክዳን አርጅቶ እያፈሰሰ ነው። ማረጋገጫው ቀላል ነው። ጋኑ ውስጥ የምግብ ቀለም ጠብ አድርጉና ሩብ ሰዓት ሳትለቁ ጠብቁ። ቀለሙ ታች ከታየ ጎማውን ቀይሩ። ሥራው የደቂቃዎች ነው።

መጸዳጃና ላቫንዲኖ ሲደፈን ኬሚካል ከማፍሰስ በፊት ባለ ጎማውን መግፊያ ሞክሩ። ጎማው በውሃ መሸፈን አለበት፤ ካልተሸፈነ አየር ይጨመቅና ጉልበታችሁን ይበላዋል። ላቫንዲኖው ላይኛው ጠርዝ አጠገብ ያለችውን ትንሽ ቀዳዳ በጨርቅ ድፈኑ፤ አለዚያ በእሷ ይተነፍሳል። ከመግፋቱ ይልቅ መሳቡ ነው ብዙ ጊዜ የሚያላቅቀው። ኬሚካል ካፈሰሳችሁ በኋላ ግን መግፊያ አትጠቀሙ፤ ዓይናችሁ ላይ ይረጫል።

ሁለቱ ውሃዎች እንዳይገናኙ

ሩቢኔት ሁልጊዜ ከላቫንዲኖው ጠርዝ ከፍ ብሎ የሚገጠመው ለውበት ብቻ አይደለም። ላቫንዲኖው ተደፍኖ ቢሞላ እንኳ የቆሸሸው ውሃ የሩቢኔቱን አፍ እንዳይነካ ነው። መሃላቸው ያለው አየር ይለያቸዋል።

ቢነካስ? የመንገዱ ዋና ቧንቧ ተሰብሮ ግፊቱ ድንገት ቢጠፋ መስመሩ ወደ ኋላ ይስባል። ያኔ የጎማ ቱቦ ጫፍ ሳሙናና ኬሚካል ባለበት ባልዲ ውስጥ ተነክሮ ከነበረ ያ ሁሉ ወደ መጠጥ ውሃው ይገባል። ይህንን ለመከላከል ውሃ ወደ አንድ ወገን ብቻ የሚያሳልፍ ቫልቭ አለ። ቱቦውን ከባልዲው ማውጣት ግን ነፃ ነው።

ቆጣሪውና ዋናው ቫልቭ

በሴኮንድ አንድ ጠብታ ምን ታደርጋለች? ጠብታዋ ሩብ ሚሊ ሊትር ናት እንበል። በቀን ከ21 ሊትር በላይ ይሆናል። በዓመት ወደ 8 ሺህ ሊትር ይጠጋል። የማትታይ ፍሳሽ ካለች የሚነግራችሁ ቆጣሪው ነው። ሩቢኔቶቹን ሁሉ ዝጉ፣ መጸዳጃው እስኪሞላ ጠብቁ፣ ከዚያ ቆጣሪው ላይ ያለችውን ትንሿን ተሽከርካሪ እዩ። ከዞረች ውሃ የሆነ ቦታ እየሄደ ነው። የመጸዳጃውን መዝጊያ ዘግታችሁ ደግማችሁ እዩ። ከቆመች ሌባው ተያዘ።

ዋናው ቫልቭ የት እንዳለ ደግሞ የቤቱ ሰው ሁሉ ይወቅ። ቧንቧ ፈንድቶ ውሃ ሳሎን ሲገባ ፍለጋ የሚጀመርበት ሰዓት አይደለም። ማወቅ ብቻ አይበቃም፤ በዓመት ሁለት ጊዜ ዝጉት፣ ክፈቱት። ለዓመታት ያልተነካ ቫልቭ በኖራና በዝገት ተጣብቆ ይቀራል። እኔ የራሴን ለመጀመሪያ ጊዜ ስሞክረው እጀታው ተገንጥሎ እጄ ላይ ቀረ። ደግነቱ ያን ቀን የፈነዳ ነገር አልነበረም።